«እንዲህ አይደለንም» የማለት መብት

ሲኒማ ጊዜ ማሳለፊያ ብቻ ነው የሚል ሰው ካለ፣ ይህን አንድ ነገር ይስማና ይፍረድ። በአሜሪካ የፊልም ሥራ ውስጥ የአገሩ ነባር ሕዝብ በገዛ ቋንቋው ሲናገር ማሳየት ሲያስፈልግ፣ ተዋናዮቹ ቃላቸውን በእንግሊዝኛ እንዲናገሩ ይደረግ ነበር፤ ከዚያም የድምፅ ባለሙያው የተቀዳውን ከኋላ ወደ ፊት ገልብጦ ያሰማው ነበር። ተመልካቹም ያን ትርጉም የለሽ ድምፅ «የሕንዶች ቋንቋ» ነው ብሎ ተቀብሎ ወደ ቤቱ ይገባል። የአንድ ሕዝብ አንደበት በመኪና ተገልብጦ ሲሰማ ማንም «ይህ ምንድን ነው?» ብሎ አልጠየቀም፤ የሚጠይቁት ሰዎች በሥራው ቦታ የመናገር ሥልጣን አልነበራቸውምና።

ይህን ነገር በዓለም ፊት ያነሣችው የብላክፊት ተወላጅ የሆነችው ተዋናይት ሊሊ ግላድስቶን ናት። ያነሣችውም ጃንዋሪ 7 ቀን 2024 ጎልደን ግሎብ የተባለውን ሽልማት በድራማ ፊልም ዋና ተዋናይነት ስትቀበል ነው። ይህን ሽልማት በዚህ ዘርፍ ያገኘች የመጀመሪያዋ የነባር ሕዝብ ተወላጅ እርሷ ናት። ንግግሯን የጀመረችውም በብላክፊት ቋንቋ ነበር፤ በዚያች ሌሊት ቋንቋውን የሚገለብጠው አልነበረም። (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ግን ተዋናይቱን ለማወደስ ብቻ አይደለም፤ ውዳሴስ ከሽልማቱ ጋር በገፍ ደርሷታል። ለመናገር የምፈልገው አሳብ አንድ ነው። ስለ አንድ ሕዝብ የሚሠራ ፊልም እውነተኛ መሆኑ የሚለካው በተዋናዩ መልክ፣ በልብሱ ማማር ወይም በሽልማቱ ብዛት አይደለም። ያ ሕዝብ ፊልሙ ገና በመሠራት ላይ ሳለ «እንዲህ አይደለንም» ለማለት መብት አለው ወይ? ሲልስ የሚሰማው አለ ወይ? መለኪያው ይህ ነው። የግላድስቶን የሥራ ታሪክ ይህን ጥያቄ ከብዙ ንግግር ይልቅ አጥርቶ ያሳያል።

በመጀመሪያ ያለፈውን እንመልከት። በሆሊውድ የተሠራ የመጀመሪያው ረጅም ፊልም የሚባለው በ1914 የወጣው «ዘ ስኳው ማን» ነው። በዚያ ፊልም የነባሯን ሴት ቦታ የያዘችው በሲኒማ ስሟ ሬድ ዊንግ የምትባለው የሆ-ቸንክ ተወላጅ ሊሊያን ሴንት ሲር ነበረች። እንግዲህ ሆሊውድ ሥራውን ሲጀምር የአገሩ ልጅ በካሜራው ፊት ቆማ ነበር ማለት ነው። ኋላ ግን ሥራው ሲሰፋና ገንዘቡ ሲበዛ ዋናው ቦታ ለታወቁ ነጭ ተዋናዮች ተሰጠ፤ ነባሩ ሕዝብ ከፈረስ ተመትቶ ለሚወድቅ አጃቢነት ተፈለገ። በ1950 «ብሮክን አሮው» በተባለው ፊልም በብሩክሊን የተወለደው ጄፍ ቻንድለር የአፓቼዎቹን አለቃ ኮቺስን ሆኖ ተጫወተ፤ ለኦስካርም ታጨበት። በ1960 ኦድሪ ሄፕበርን «ዘ አንፎርጊቨን» በተባለው ፊልም የካይዋ ልጅ ሆነች። በ1962 ደግሞ ሰማያዊ ዓይን ያለው ቸክ ኮነርስ ጀሮኒሞ ተብሎ ቀረበ።

ከእነዚህ ፊልሞች አንዳንዶቹ ለነባሩ ሕዝብ የሚራሩ እንደ ነበሩ መካድ አይገባም። «ብሮክን አሮው» አፓቼዎችን እንደ አውሬ ሳይሆን እንደ ሰው ለማሳየት የጣረ ነው። ነገር ግን ርኅራኄ ሌላ፣ ድምፅ መስጠት ሌላ። ጆን ፎርድ በ1964 «ሻየን ኦተም» የተባለውን ፊልም ሲሠራ፣ አሳቡ በሻየኖች ላይ የደረሰውን ግፍ ለማሳየት ነበር፤ ይሁን እንጂ ሻየን ተብለው በአጃቢነት የተሰለፉት የናቫሆ ሰዎች ነበሩ፤ የሚናገሩትም የራሳቸውን የናቫሆ ቋንቋ ነበር። ይህ ማለት ስለ ሐረር ነጋዴ የሚያወሳ ፊልም ሠርቶ ሰውየውን በትግርኛ እንደ ማናገር ነው። ከሩቅ ለሚያይ ሰው ሁሉም አንድ ነው፤ ለባለቤቱ ግን ወይ ሣቅ ነው፣ ወይ ኀዘን ነው። በ1971 በአሜሪካ ቴሌቪዥን ስለ አካባቢ መቆሸሽ እንባውን ሲያፈስ የታየው ዝነኛው «ሕንድ» አይረን አይስ ኮዲም በእውነቱ ከኢጣልያ የመጡ ወላጆች ልጅ ነበር። በዚያ ዘመን ልቅሶው እንኳ በውክልና ነበር ማለት ነው።

ይህ ሥዕል በተሠራበት አገር አልቀረም፤ በፊልም ጥቅልል ተጭኖ እኛ ዘንድ ድረስ ደርሷል። «ካውቦይ» የሚለው ቃል ዛሬ ለአማርኛ ተናጋሪ ትርጓሜ አያሻውም። ብላክፊት፣ ኦሴጅ፣ ካዩጋ ቢባል ግን ስንቶቻችን የሕዝብ ስም መሆኑን እናውቃለን? «ቀይ ሕንዶች» የምንለውም ስም ቢሆን፣ ኮሎምቦስ የእስያን ምድር የደረሰ መስሎት ያወጣው ስም ነው፤ በላዩ ላይ የቆዳ ቀለም ተለጠፈበት። በመቶ የሚቆጠሩ ቋንቋዎችና ሥርዓቶች ያሏቸውን ሕዝቦች እኛም በአንድ ስም ጠቅልለን የተቀበልነው ከዚያው ነው። ስለዚህ ጉዳዩ የአሜሪካ ብቻ ነው ብለን ልናልፈው አንችልም።

አሁን ወደ ተዋናይቱ ልመለስ። ሊሊ ግላድስቶን የተወለደችው በ1986 ነው። ያደገችው በሞንታና በሚገኘው በብላክፊት ሕዝብ ይዞታ፣ በብራውኒንግ ከተማ ነው፤ ኋላ ቤተ ሰቧ ወደ ሲያትል አካባቢ ተዛወረ። በአባቷ በኩል ብላክፊትና ኔዝ ፐርስ ናት። እናቷ የአውሮፓ ዘር ያላት ሴት ስትሆን፣ የብላክፊት ቋንቋ በትምህርት ቤት እንዲሰጥ ብዙ የደከመች መሆኗን ልጂቱ በዚያችው የሽልማት ሌሊት መስክራለች። በ2008 ከሞንታና ዩኒቨርሲቲ በቴአትር ተመረቀች፤ ከዚያም ጋር አያይዛ ስለ ነባር አሜሪካውያን የሚሰጠውን ትምህርት ተከታትላለች። ይህንን የምጠቅሰው በከንቱ አይደለም። ተዋናይቱ ጥበቡን ብቻ ሳይሆን የሕዝቧንም ታሪክ በትምህርት ገበታ ላይ ተቀምጣ የመረመረች ሰው ናት።

የመጀመሪያ የፊልም ሥራዋ ምን እንደ ነበረ ማወቅ ደግሞ ይበልጥ ያስተምራል። ፈረንሳዊው አርኖ ዴፕለሻን የሠራው «ጂሚ ፒ.» የተባለው ፊልም በ2013 ወጣ። የሚተርከው በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ዘምቶ ስለ ተመለሰ ስለ አንድ የብላክፊት ሰው ሕመም ነው። ያን የብላክፊት ሰው ሆኖ የተጫወተው ግን በፖርቶ ሪኮ የተወለደው ቤኒሲዮ ዴል ቶሮ ነበር። የብላክፊቷ ልጅ በትንሽ ቦታ፣ የሩቅ አገሩ ሰው በትልቁ ቦታ! ዴል ቶሮ በሙያው የተመሰገነ ሰው ነው፤ በእርሱ ላይ የምለው የለኝም። የምለው በሥርዓቱ ላይ ነው። በዚያ ሥርዓት ባለቤቱ በገዛ ታሪኩ ውስጥ እንግዳ ነበር።

በ2016 ኬሊ ራይካርት በሠራችው «ሰርተን ዊመን» ውስጥ ግላድስቶን በሞንታና ከብት ቤት ብቻዋን በክረምት ፈረሶች የምትጠብቅ ሴት ሆና ታየች። ቃሏ ጥቂት ነው፤ ፊቷ ግን ብዙ ይናገራል። የሎስ አንጀለስ የፊልም ሐያስያን ማኅበርም የዓመቱ ምርጥ ረዳት ተዋናይት ብሎ ሸለማት። በሌላ ሰው ላይ ቢሆን እንዲህ ያለ ምስጋና የሥራ በር ይከፍታል። ለእርሷ ግን በሩ ገርበብ ብሎ ቀረ። በ2020 ወረርሽኙ ሥራውን ሁሉ ባቆመ ጊዜ፣ ግዙፍ ተርቦችን ለሚከታተል የመንግሥት የግብርና ሥራ ለመወዳደር አስባ፣ ለዚህ የሚረዳ ትምህርት ልትመዘገብ ስትል ነው ከማርቲን ስኮርሴዚ ጋር እንድትነጋገር ጥሪ የደረሳት። ሐያስያን የመሰከሩላት ተዋናይት እንጀራዋን ከተርብ ቆጠራ ለመፈለግ መነሣቷ፣ የችሎታ ጉድለት ሳይሆን የቦታ ጉድለት እንደ ነበረ በቂ ማስረጃ ነው።

የስኮርሴዚ ፊልም «ኪለርስ ኦቭ ዘ ፍላወር ሙን» በ2023 ወጣ። ታሪኩ እውነተኛ ነው። በኦክላሆማ በሚገኘው የኦሴጅ ሕዝብ ምድር ብዙ ነዳጅ ተገኘ፤ በ1906 በወጣው ሕግ መሠረት ከከርሠ ምድሩ ሀብት የሚገኘው ገቢ ለ2,229 ባለ ድርሻዎች የሚከፈል ሆነ። በ1920ዎቹ ኦሴጆች በነፍስ ወከፍ ሲታሰብ ከዓለም ባለጸጎች መካከል ተቈጠሩ። ነገር ግን መንግሥት ብዙዎቹን «ገንዘባቸውን ማስተዳደር አይችሉም» ብሎ ነጭ ሞግዚት ሾመባቸው። ቀጥሎም ግድያው መጣ። የሞሊ በርክሃርት እኅት አና በ1921 በጥይት ተገደለች፤ ሌላዋ እኅቷ ሪታ በ1923 ቤቷ በፈንጂ ሲጋይ ሞተች። የሤራው አድራጊ ዊልያም ሄይል የተባለ ባለ ከብት ሲሆን፣ ተባባሪው የገዛ ባሏ ኧርነስት ነበር። ኧርነስት በ1926 ጥፋቱን አመነ፤ ሄይልም በ1929 ተፈረደበት።

የፊልሙ የመጀመሪያ ጽሑፍ ያተኰረው ወንጀሉን ለመመርመር በመጣው የመንግሥት መርማሪ ላይ ነበር። ያው የተለመደው መንገድ፣ ነጭ ጀግና ይመጣል፣ ሙታን ይቆጠራሉ፣ ፍርድ ይሰጣል። ኋላ ግን ጽሑፉ ተለውጦ በሞሊና በባሏ ላይ አተኰረ። ስኮርሴዚ ወደ ኦሴጅ ምድር ሄዶ ከመሪዎቻቸውና ከግድያው ሰለባዎች ዘሮች ጋር ተቀምጦ ተነጋገረ። የኦሴጅ ሰዎች በቋንቋው፣ በልብሱና በሥርዓቱ ላይ አማካሪዎች ሆነው ሠሩ።

እዚህ ላይ ስለ ቋንቋው ጥቂት ልበል። ኦሴጅኛን ከእናቱ ጡት ጋር የጠባ የመጨረሻው ተናጋሪ በ2005 ዐረፈ። በ2006 የሕዝቡ የቋንቋ መምህር ኸርማን ሞንግሬን ሉክአውት ለቋንቋው የራሱን ፊደል ቀረጸ፤ ይህም ፊደል በ2016 በኮምፒዩተር የዓለም ፊደላት መዝገብ ውስጥ ገባ። የራሱ ፊደል ያለው ሕዝብ ልጆች የሆንን እኛ የዚህን ትርጉም ለመረዳት ብዙ አይቸግረንም። እንግዲህ ግላድስቶን ብቻ ሳትሆን ዲካፕሪዮና ዴ ኒሮም በዚያ ቋንቋ ለመናገር ከኦሴጅ መምህራን ፊት ተማሪ ሆነው ተቀመጡ። ቃሉን ሲያበላሹ «እንዲህ አይባልም» የሚላቸው ሰው ነበረ። በተገለበጠ እንግሊዝኛና በዚህ መካከል ያለው ርቀት ይህን ያህል ነው።

ልብ በሉ፤ ግላድስቶን ራሷ ኦሴጅ አይደለችም። ይህን አንሥቶ «ታዲያ እርሷስ የሌላውን ቦታ መያዟ አይደለምን?» ብሎ የሚጠይቅ አይጠፋም። ጥያቄው ተገቢ ነው፤ መልሱም የዚህን ጽሑፍ ፍሬ ነገር ይገልጠዋል። እውነተኛነት የደም ጉዳይ ብቻ ቢሆን ኖሮ እርሷም በተወገዘች ነበር። ልዩነቱ እርሷ የመጣችው ለመማርና ለመታረም ፈቅዳ፣ ባለቤቶቹም ለማረም ሥልጣን አግኝተው በመሆኑ ነው።

ይህ ሁሉ ሆኖ ሥራው ፍጹም ነው ማለት አይደለም። ከፊልሙ የቋንቋ አማካሪዎች አንዱ የሆነው ኦሴጁ ክሪስቶፈር ኮት በኦክቶበር 2023 በግልጽ ተናግሯል። ታሪኩ በሞሊና በቤተ ሰቧ ዓይን እንዲነገር ይፈልግ እንደ ነበር፣ ያን ለማድረግ ግን ፊልሙን ኦሴጅ ሰው መሥራት እንደሚያስፈልግ አስታወቀ። የሞሆክ ተወላጅ የሆነችው ተዋናይት ዴቨሪ ጄኮብስም የግላድስቶንን ሥራ አድንቃ፣ ፊልሙ ግን የነባሩን ሕዝብ ሥቃይና ሬሳ ደጋግሞ በማሳየቱ አጥብቃ ነቀፈችው። እኔ በበኩሌ እነዚህን ነቀፋዎች የፊልሙ ውርደት አድርጌ አላያቸውም፤ አንድ አማካሪ በሥራው ምረቃ ላይ ቆሞ «ይህ ጎድሏል» ለማለት መቻሉ ራሱ የተለወጠ ነገር መኖሩን ያሳያል። ነገር ግን የመጨረሻው ቃል አሁንም የአማካሪው ሳይሆን የዳይሬክተሩ እንደ ነበር መዘንጋት አይገባም። «እንዲህ አይደለንም» ማለት ከተፈቀደ በኋላ የሚቀረው ትልቁ ጥያቄ «እንዲህ ነን» ብሎ ራሱ የሚሠራው ማን ነው? የሚለው ነው።

ግላድስቶንም በዚሁ መንገድ ላይ ናት። በ2023 «ፋንሲ ዳንስ» በተባለው ፊልም ላይ ዋና ሆና ተጫወተች። ዳይሬክተሯ ኤሪካ ትሬምብሌይ ራሷ የሴኔካ-ካዩጋ ሕዝብ ተወላጅ ናት። ታሪኩ የጠፋች እኅቷን እየፈለገች የእኅቷን ልጅ ስለምታሳድግ ሴት ነው። ለፊልሙ አሳብ የሰጠው በካዩጋ ቋንቋ የእናት እኅት የምትጠራበት ቃል ትንሽ እናት ማለት መሆኑ ነበር። የእናት እኅት እናት መሆኗን ለእኛ የሚያስረዳን አያስፈልግም፤ ነገር ግን ይህን ረቂቅ ነገር በቋንቋው ውስጥ የኖረ ሰው ካልሆነ ማን ወደ ሲኒማ ያመጣዋል? ከዚህም በቀር በ2024 ጎሽ ወደ ብላክፊት ምድር ስለ መመለሱ በሚተርከው «ብሪንግ ዜም ሆም» በተባለው ዘጋቢ ፊልም ላይ ተራኪም አዘጋጅም ሆና ሠርታለች። ተዋናይት ብቻ ሆኖ መጠራትን ከመጠበቅ፣ ሥራው በሚወሰንበት ጠረጴዛ ዙሪያ ወንበር ስቦ ወደ መቀመጥ መሄዷ ነው።

ኦስካርን በተመለከተ፣ ግላድስቶን ለዋና ተዋናይነት የታጨች የመጀመሪያዋ የአሜሪካ ነባር ሕዝብ ተወላጅ ሆናለች፤ በማርች 2024 ሽልማቱን የወሰደችው ግን ኤማ ስቶን ናት። ፊልሙም በ10 ዘርፍ ታጭቶ አንድም አላገኘ። በዚህ ብዙዎች አዘኑ። ነገር ግን ጉዳዩን በሐውልት ቁጥር የሚለካ ሰው ዋናውን ነገር ስቶታል።

ተቃዋሚ አሳብ እንዳለ አውቃለሁ፤ በቴአትር ትምህርት ላይ ያሉ ጓደኞቻችን ደጋግመው የሚያነሡት ነው። «ትወና ማለት ሌላውን ሰው መሆን አይደለምን? ንጉሥን የሚጫወት ሁሉ ንጉሥ ነውን? ሁሉም የራሱን ብቻ ይጫወት ከተባለ ጥበቡ ይሞታል» ይላሉ። አሳቡ ከባድ ነው፤ በማንጓጠጥ የሚታለፍ አይደለም። መልሴ ይህ ነው። በሩ በሁለቱም ወገን ቢከፈት ኖሮ ክርክሩ ባልኖረ ነበር። ነገር ግን ብሩክሊናዊው ኮቺስን ሲሆን፣ የአፓቼው ልጅ የአሜሪካን ፕሬዚዳንት ሆኖ ሲጫወት ያየ ማን ነው? የአንዱ ወገን ብቻ ነፃነት የሆነ ነገር «የጥበብ ነፃነት» ተብሎ ሊጠራ አይገባም። የሰውን ልብስ ለብሰህ ስትወጣ፣ ባለቤቱ ራቁቱን ከቀረ ውሰት መሆኑ ቀርቷል።

በመጨረሻ ወደ ራሳችን እንመለስ፤ የሌላውን አገር ጥፋት መቁጠር ቀላል ነውና። በእኛ መድረክና ቴሌቪዥን ላይ ባላገሩ ምን ሆኖ ይቀርባል? ለከተማው ሰው ሣቅ ሲባል አነጋገሩ የሚጣመም፣ መኪና ሲያይ የሚደነግጥ፣ በገንዘቡ የሚታለል ሰው አይደለምን? አማርኛ አፍ መፍቻው ያልሆነ ወንድማችን በቀልዶቻችን ውስጥ የሚገባው ስንት ጊዜ ነው ቃሉን ሊያሰናክል ብቻ? እርሱ በራሱ ቋንቋ ሲናገር ግን አንደበቱ የተባ፣ በምሳሌ የሚናገር፣ በሽምግልና የሚዳኝ ሰው ነው። ያን ሰው በመድረካችን አናገኘውም። የሆሊውድ የድምፅ ባለሙያ በመኪና የገለበጠውን እኛ በአፋችን እየገለበጥነው እንደ ሆነ መመርመር አለብን።

ስለዚህ በዚህ ግቢ ቴአትር ለምትጽፉ፣ ካሜራ ለምትይዙ፣ ነገም በየመሥሪያ ቤቱና በየቴሌቪዥኑ ሥልጣን ለምትይዙ ተማሪዎች የማቀርበው አሳብ አጭር ነው። ስለ አንድ ሕዝብ ከመጻፋችሁ በፊት ሄዳችሁ ጠይቁ። ጽሑፋችሁን ለባለቤቱ አንብቡለት፤ «እንዲህ አይደለንም» ካለ ሰርዙት፤ ቀልዱ ቢያምርም ሰርዙት። መምህራኖቻችንም የተማሪውን ድርሰት ሲያርሙ ስለ ሰዋስውና ስለ ሤራው አወቃቀር ከሚጠይቁት ጋር «ይህን ማንን ጠይቀህ ጻፍኸው?» የሚለውን ጥያቄ ይጨምሩበት። ከሁሉም በላይ ደግሞ ከየአውራጃው የመጣችሁ፣ የየቋንቋችሁን ለዛ የምታውቁ ወንድሞችና እኅቶች፣ ሌላው መጥቶ እስኪጠይቃችሁ አትጠብቁ። ብዕሩ በእጃችሁ ነው፤ ጻፉ።